ሞተሩ ቀድሞ፣ መንጃ ፈቃዱ ቀርቶ

ጠጋ በሉማ። አቃቂ ቃሊቲ ውስጥ ሞተር ሳይክል በማሰልጠን እንጀራዬን የምጋግር ሰው ነኝ። የትኛው ማሰልጠኛ እንደሆነ አትጠይቁኝ እንጂ፣ ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ የማይለጠፈውን ሁሉ ሹክ እላችኋለሁ።

በ2018 ዓ.ም. የሚመጡብን የሚሊኒየሙ ልጆች ናቸው። ያኔ ርችት ሲተኮስ በእናታቸው እቅፍ ወይም በማህፀን የነበሩ፣ አሁን ጢም ማቀምቀም ጀምረው «ጋሼ፣ ሞተር ስንት ቀን ይፈጃል?» ይሉኛል። ሕጉ የሚለው 18 ዓመት የሞላው ነው። ልብ በሉ፣ የሞላው! ግንቦት 2000 የተወለደ ልጅ መስከረም 2018 ላይ ገና 17 ዓመቱ ነው፤ ከ2018 ላይ 2000 ቀንሶ ሰተት ብሎ ይመጣና ይመለሳል። በፈረንጅ አቆጣጠር የተጻፈ ሰነድ ይዞ የሚመጣም አለ። «2008» የሚለውን በእኛ አቆጣጠር ላነበበው የአሥር ዓመት ልጅ ነው።

ዕድሜ «ስለማስተካከል» የሚያንሾካሹኩ ደላሎች እንዳሉ ታውቃላችሁ። ሰው የማይነግራችሁ ነገር ቢኖር ይህ ሥራ እያደር እየከበደ መሄዱን ነው። የፋይዳ መታወቂያ ከመጣ ወዲህ የልደት ቀን ከጣት አሻራ ጋር ተቆራኝቷል፤ ለባንክ አንድ፣ ለመንጃ ፈቃድ ሌላ ዕድሜ ይዞ መኖር አያዋጣም። በተጭበረበረ ዕድሜ የወጣ መንጃ ፈቃድ ደግሞ አደጋ የደረሰ ዕለት ነው መዘዙ የሚመዘዘው።

የጤና ምርመራው፣ የትምህርት ማስረጃው፣ የጽሑፍ ፈተናው ብዙም አያስጨንቅም። ያነበበ ያልፋል። ሰው የሚወድቀው ተግባር ላይ ነው፤ የሚወድቀውም በብዛት ሰፈር ውስጥ ሲነዳ የከረመው ጎረምሳ ነው! ከገላን ኮንዶሚኒየም እስከ ቱሉ ዲምቱ ሽው ሲል የኖረ ልጅ፣ በኮኖች መካከል ቀስ ብለህ ውጣ ሲባል እግሩን መሬት ያስነካል። ፍጥነት ላይ ሞተር ሚዛኑን ራሱ ይጠብቃል፤ በዝግታ ሲሆን ሚዛኑን የሚጠብቀው ነጂው ነው። ሚስጥሩ ይኸውላችሁ፦ ፍሪሲዮኑን ሙሉ በሙሉ አትልቀቁት፣ ነዳጁን እኩል ስጡ፣ የኋላውን ፍሬን ነካ እያደረጋችሁ፣ ዓይናችሁን ከፊት ጎማ አንስታችሁ ወደምትሄዱበት አቅጣጫ ጣሉ። ዓይን የሄደበት ሞተር ይሄዳል። ከመነሳት በፊት ስፖኪዮ ማየትና ፍሬቻ ማብራትም አለ፤ ቀላል ስለሆነ ይረሳል፣ ነጥብ ያስቆርጣል።

አሁን ደግሞ የሚያበሳጨኝን ልንገራችሁ። በእንግሊዝ የ17 ዓመት ልጅ ከ125 ሲሲ ያልበለጠ ሞተር ብቻ ነው የሚፈቀድለት፤ ያለ ገደብ ትልቁን ልያዝ የሚል፣ ደረጃ በደረጃ ካልመጣ በቀር፣ 24 ዓመት ይጠብቃል። እኛ ዘንድ ሞተር ሳይክል አንድ ምድብ ነው። ትናንት በትንሽ ሞተር የተፈተነ ልጅ ዛሬ ጉልበታም ላይ ቢወጣ ሕግ አልጣሰም። የሚወጣው ደግሞ የት ነው? የጅቡቲ ተሳቢ፣ አሸዋ የጫነ ሲኖትራክና ሚኒባስ በሚጋፉበት በቃሊቲ መንገድ ላይ። ለጥ ባለ ግቢ ውስጥ በኮን መሃል ያለፈ ልጅ፣ ተሳቢ ሲታጠፍ የኋላው አካል ወደ ውስጥ እንደሚጠብ አያውቅም። እኔ ሠልጣኞቼን ተሳቢ ጎን እስካስቆምኳቸው ድረስ አላምናቸውም። ሾፌሩ መስታወት ውስጥ ካልታያችሁ ለእሱ የላችሁም ማለት ነው።

ዋናው ሹክሹክታ ግን ይህ ነው። መንጃ ፈቃድ መያዝ ብቻውን አዲስ አበባ ላይ ሞተር አያስነዳም። በ2011 ዓ.ም. ክረምት፣ በኢንጂነር ታከለ ኡማ ጊዜ፣ በሞተር የሚፈጸም ዘረፋ በዛ ተብሎ ሞተር ሳይክል ከከተማዋ ታግዶ ነበር። ከዚያ በኋላ የተመለሰው በምዝገባና በልዩ ፈቃድ ነው። ስለዚህ ሁለት በር አለ፤ አንዱ ለሰውየው፣ አንዱ ለሞተሩ። አባት የዕቁብ ገንዘቡን አውጥቶ ለልጁ «ዴሊቨሪ ይሥራ» ብሎ ሞተር ይገዛል። ልጁ ፈቃድ የለውም፣ ሞተሩም በከተማዋ አልተመዘገበም። ሞተሩ ግቢ ውስጥ በሸራ ተሸፍኖ ይከርማል፤ ወይም ልጁ ማታ ማታ በውስጥ ለውስጥ መንገድ ያወጣዋል፣ ይሄኛው ይብሳል።

የነዳጅ መኪና ማስገባት በ2016 ዓ.ም. ከተከለከለ ወዲህ የኤሌክትሪክ ሞተሩም ነገር ደርቷል፤ ዶዳይን የመሳሰሉት በየመንገዱ ይታያሉ። ዝም ብሎ ስለሚሄድ እንደ መጫወቻ የሚያየው ቤተሰብ አለ። ድምፅ የሌለው ሞተር እግረኛውም አይሰማውምና የበለጠ ጥንቃቄ ይፈልጋል። ደግሞም በእሱ ብቻ የለመደ ልጅ ማርሽ ያለው ላይ ሲወጣ እንደ አዲስ ይጀምራል።

ሄልሜትን በተመለከተ ለፈተና ቀን ተውሰው የሚመጡ አሉ። በብዙ አገር የተሠሩ ጥናቶች ተሰብስበው ሲታዩ፣ ሄልሜት የመሞትን ዕድል በ42 በመቶ፣ የጭንቅላት ጉዳትን በ69 በመቶ ይቀንሳል። ይህ ግን ማሰሪያው አገጭ ሥር ሲታሰር ነው፤ ክንድ ላይ ሲንጠለጠል አይደለም።

እናም ወላጆች፣ ቅደም ተከተሉን አትገልብጡት። መጀመሪያ ልጁ 18 ይሙላው፣ ይሠልጥን፣ ይፈተን። ቀጥሎ ሞተሩ በከተማዋ በምን ሁኔታ እንደሚመዘገብ የሚመለከተው ቢሮ ሄዳችሁ ጠይቁ። ሞተሩን ከዚያ በኋላ ግዙ። ለደላላ ያሰባችሁት ገንዘብ ካለም፣ ጥሩ ሄልሜት ግዙበት።