የመጻተኛው ወረቀት

በአዲስ አበባ በነፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ፣ በጎፋ መብራት ኃይልና በአካባቢው በተሠሩት የጋራ መኖሪያ ቤቶች ደረጃ የሚወጣና የሚወርድ ሰው፣ ከአማርኛው ጋራ የአስመራን ትግርኛ መስማቱ፣ ከቡናውም ጢስ ጋራ የሕምባሻ ሽታ ማግኘቱ የተለመደ ነው፤ ከኤርትራ ተሰደው የመጡ ብዙ ሰዎች አንዲቱን ክፍል ለሦስትና ለአራት ተካፍለው፣ ከባሕር ማዶ ዘመድ ሲልክላቸው ኪራያቸውን እየከፈሉ የሚቀመጡት በዚህ ሰፈር ነውና። የእነዚህ መጻተኞች ኑሮ የተመሠረተው ግን ፎቶግራፍ፣ ስምና የሚያበቃበት ቀን በተጻፈበት አንድ የስደተኛ መታወቂያ ላይ ስለ ሆነ፣ አንባቢ ከዚህ ወረቀትና ወረቀቱን ካስገኘው ሥርዓት ጋራ ቢተዋወቅ መልካም ነው።

የሸሸን ሰው ማስጠለል ላገራችን አዲስ ሥርዓት አይደለም። በጎንደር ዘመን የንጉሥ ቁጣ ያሳደደው ሰው እጨጌ ቤት፣ ማለት ከመነኮሳቱ አለቃ ሰፈር፣ ከገባ ወታደር ተከትሎ ሊይዘው አይደፍርም ነበር። ነገር ግን ያ መማጸኛ የቆመው በቦታው ክብርና በአባቶች ቃል እንጂ፣ የተሰደደው ሰው ራሱ «ይገባኛል» ብሎ በሚሟገትበት ሕግ አልነበረም።

ይህን ሕግ ለዓለም ያመጣው እ.ኤ.አ. በ1951 በጄኔቫ የተፈረመው ስምምነት ሲሆን፣ እርሱም ስደተኛ የሚለው በዘሩ፣ በሃይማኖቱ፣ በዜግነቱ፣ በማኅበራዊ ወገኑ ወይም በፖለቲካ አሳቡ ምክንያት እሳደዳለሁ ብሎ በቂ ፍርሃት ያደረበትን ሰው ነው። ቀዬው በመድፍ ስለ ተደበደበ ብቻ የሸሸ ገበሬ፣ ማንም በስሙ ባያሳድደው፣ በዚህ አንቀጽ ለመጠለል ይቸገራል። ይህን ጉድለት የሞላው ቃል የተጻፈው እዚሁ አዲስ አበባ ነው፤ የአፍሪካ አንድነት ድርጅት መሪዎች በጳጉሜን 5 ቀን 1961 ዓ.ም.፣ በዘመን መለወጫ ዋዜማ ባጸደቁት ስምምነት፣ ከውጭ ወረራ፣ ከባዕድ አገዛዝ ወይም የሕዝብን ጸጥታ እጅግ ከሚያናውጥ ሁከት የሸሸውም ሁሉ ስደተኛ ነው ብለው ወሰኑ፤ ጥገኝነት መስጠትም የሰላምና የሰብአዊነት ሥራ እንጂ በጎረቤት ላይ የጠላትነት አድራጎት ተብሎ እንዳይቈጠር ደነገጉ። ከብዙ ዓመት በኋላ ዩክሬን ስትወረርና ሕዝቧ ወደ ምዕራብ ሲጐርፍ፣ የአውሮፓ ኅብረት እ.ኤ.አ. በ2001 አውጥቶ አንድም ቀን ሳይሠራበት የቈየውን፣ በጅምላ ለሚሸሽ ሕዝብ የታሰበውን የጊዜያዊ ጥበቃ መመሪያ በየካቲት 25 ቀን 2014 ዓ.ም. ሥራ ላይ ማዋሉን ስናስብ፣ የአዲስ አበባው ስምምነት ምን ያህል አርቆ እንዳየ ይገባናል፤ በዚህም ልንኰራ ይገባናል ብዬ አምናለሁ።

በአገራችን ይህ ሥርዓት ዛሬ የሚመራው ጥር 9 ቀን 2011 ዓ.ም. የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት ባጸደቀው በዐዋጅ ቁጥር 1110/2011 ነው። ዐዋጁ ስደተኛውን ለሕይወቱ ወደሚያሰጋው አገር መመለስን ይከለክላል፤ ልጆቹ እንደ ዜጋው ልጅ አንደኛ ደረጃ እንዲማሩ ያዝዛል፤ የመሥራትና የመዘዋወርንም መብት ይሰጣል። ከዚያ በፊት የስደተኛ ኑሮ በአብዛኛው በመጠለያ ጣቢያ ሲሆን፣ ለኤርትራውያን ግን ከ2002 ዓ.ም. ጀምሮ ዋስ የሚሆናቸውና የሚረዳቸው ዘመድ ካላቸው ከጣቢያ ወጥተው በከተማ እንዲኖሩ ተፈቅዶ ነበር፤ ጎፋም የሞላችው አስቀድሞ በዚህ ፈቃድ ነው። ጥቅምት 2013 ዓ.ም. በትግራይ ጦርነት ተነሥቶ የሽመልባና የሕፃፅ ጣቢያዎች ሲጠፉ፣ ዋስም ፈቃድም ለመፈለግ ጊዜ ያላገኘ ብዙ ስደተኛ ነፍሱን ይዞ ወደ ከተማዪቱ ገባ።

እንግዲህ ወረቀት በያዘውና ባልያዘው መካከል ያለው ልዩነት የሚታየው እዚህ ላይ ነው። መታወቂያ የያዘው ሰው ማታ በመንገድ ላይ ጠባቂ ሲያስቆመው ከኪሱ አውጥቶ ያሳያል፤ ያልያዘው ወይም ቀኑ ያለፈበት ግን ሕጉ የሚጠብቀው ሰው ሆኖ ሳለ የሚያስረዳበት ስለሌለው፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ ቤቱ ይገባል፤ አከራዩም ኪራይ ሲጨምርበት አይከራከርም። ስለዚህ የስደተኞች መዝገብ ለአንድ ወር ቢዘጋ ወይም እድሳቱ ቢጓተት፣ ለመዝጋቢው ጽሕፈት ቤት የሥራ መዘግየት ቢመስልም፣ ለደጅ ጠኚው ዐዋጁ እንደ ተሻረ ያህል ነው፤ የተወሰነ ቀን ተቈርጦ በዚያ ቀን መልስ ሊሰጠው ይገባል።

በዚህ ሥርዓት ውስጥ ከሁሉ ይልቅ ልቤን ደስ የሚያሰኘው ጥቅምት 2010 ዓ.ም. የተጀመረው የስደተኞች የወሳኝ ኩነት ምዝገባ ነው። ከዚያ ወዲህ ከስደተኛ ወላጆች የተወለደ ሕፃን እንደ ሌላው ሕፃን የልደት ምስክር ወረቀት ይሰጠዋል። ምስክር ወረቀቱ ዜግነት አይሰጥም፤ ሕፃኑ ግን ከማን፣ የትና መቼ እንደ ተወለደ በመንግሥት መዝገብ ስለሚጻፍለት፣ ነገ ትምህርት ቤት ሲገባም ሆነ ከወላጆቹ ጋራ ወደ ሦስተኛ አገር ሲሻገር የእነርሱ ልጅ መሆኑን የሚያስረዳበት አለው።