የኦማሃው ፀጉር አስተካካይ

ስለ አሜሪካ ፖለቲካ ሲወራ ነገሩ ሁሉ ዋሽንግተን ነው። እኔ ግን ዛሬ ኔብራስካ ልውሰዳችሁ፤ ያውም ኦማሃ ከተማ ውስጥ ወደነበረ አንድ ፀጉር ቤት። (ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምቆጥረው።) በ1966 በተሠራና ለኦስካር በታጨ ዘጋቢ ፊልም ላይ፣ ጥቁርና ነጭ ምዕመናንን ለማቀራረብ የሚለፋ አንድ ነጭ የሉተራን ፓስተር ወደዚያ ፀጉር ቤት ይገባል። ፀጉር አስተካካዩ የነጮችን ክርስትና ጉድ ፊት ለፊት ይነግሩታል። ፓስተሩ አፍ አውጥቶ የሚመልሰው ያጣል። እኚያ ሰው ኧርኒ ቼምበርስ ናቸው።

በ1970 ሰሜን ኦማሃ ለግዛቱ ምክር ቤት መረጣቸው። ይህ ምክር ቤት ራሱ ጉደኛ ነው! የቀሩት 49 ግዛቶች ሁለት ሁለት ምክር ቤት ሲኖራቸው ኔብራስካ ያላት አንድ ብቻ፣ 49 ወንበር ያለው ነው። በምርጫ ወረቀቱ ላይ የፓርቲ ስም አይጻፍም። ሥራ የጀመረው በ1937 ነው፤ ቼምበርስም የተወለዱት በዚያው ዓመት።

ፓርቲ በማይቆጠርበት ቤት ደንቡን ያወቀ ሰው ጉልበት አለው። ቼምበርስ ደንቡን እንደ ዳዊት ደግመውታል። ኮት ለብሰው ክራባት ባሰሩት መሐል ቲሸርትና ጂንስ ለብሰው ይነሳሉ፤ ማሻሻያ በማሻሻያ ላይ እየደረቡ ለሰዓታት ይናገራሉ፤ ጊዜው ያልቃል፣ ያልወደዱት ሕግም ይቀራል። ስለዚህ ሌሎቹ አስቀድመው መጥተው ይደራደሯቸው ነበር።

ልባቸው ግን የሞት ቅጣትን ማስቀረት ላይ ነበር። ረቂቁን ከዓመት ዓመት አቀረቡ። በ1979 ምክር ቤቱ አጸደቀላቸው፤ አገረ ገዥው ሻሩት። ዳግም እስኪያልፍ 36 ዓመት ጠበቁ። በ2015 ወግ አጥባቂዎቹ ሳይቀሩ ደግፈው አለፈ፤ አገረ ገዥ ፒት ሪኬትስም ሻሩት። የእሳቸውን ውሳኔ ለመቀልበስ 30 ድምፅ ያስፈልግ ነበር። ሜይ 27 ቀን ተቆጠረ፦ 30 ለ19። አንድ ሰው ቢያፈገፍግ ኖሮ አበቃለት ነበር! እኔ ይህን ቁጥር ባሰብኩት ቁጥር ልቤ ይመታል።

ደስታው አልዘለቀም። በ2016 የኔብራስካ ሕዝብ በቀጥታ ድምፅ ሰጥቶ ቅጣቱን መለሰው። በ2017 ቼምበርስ ያንኑ ረቂቅ ይዘው መጡ።

እሳቸውን ከወንበሩ ማውጣት የተቻለው በደንብ ብቻ ነው። በ2000 የወጣ ድንጋጌ ማንም ከሁለት ተከታታይ የምርጫ ዘመን በላይ እንዳያገለግል ከለከለ፤ ብዙዎች ለእሳቸው የተጠመደ ወጥመድ ነው ይላሉ። በ2009 ወጡ፣ አራት ዓመት ቤታቸው ቆዩ፣ ተወዳድረው በ2013 ተመለሱ። ድንጋጌው «ተከታታይ» ነው ያለው እንጂ ተመልሰህ አትምጣ አላለማ!

በመጨረሻ በ2021፣ በ83 ዓመታቸው ሲሰናበቱ አገልግሎታቸው 46 ዓመት ሞልቶ ነበር፤ በኔብራስካ ታሪክ ይህን ያህል ያገለገለ የለም። የወንበሩ ደመወዝ በዓመት 12,000 ዶላር ነው።