የቆዩ የአክሽን ፊልሞች ቪዲዮ ኢንኮዲንግ

የቆዩ የአክሽን ፊልሞች ቪዲዮ ኢንኮዲንግ በሴሉሎይድ ፊልም የተቀረጹ ሥራዎችን ለዲስክ ወይም ለኢንተርኔት በሚመች መጠን የማመቅ ሂደት ነው። ዋናው ፈተና ፋይሉን እያሳነሱ ግሬይን የሚባሉትን የፊልሙን ጥቃቅን ነጠብጣቦች አለማጥፋት ነው።

የማመቅ አሠራር

1920 በ1080 ፒክስል የሆነ ቪዲዮ በሰከንድ 24 ፍሬም፣ ለእያንዳንዱ ፒክስልም 24 ቢት ከያዘ፣ ሳይታመቅ በሰከንድ 1.2 ጊጋቢት ገደማ ይሆናል። ብሉ ሬይ ዲስክ ለቪዲዮ የሚፈቅደው ግን ቢበዛ 40 ሜጋቢት ነው። ስለዚህ ኢንኮደሩ እያንዳንዱን ፍሬም በካሬዎች ከፍሎ፣ ካሬዎቹ ካለፈው ፍሬም ወዴት እንደተንቀሳቀሱና ምን እንደተለወጠ ብቻ ይመዘግባል። ሁለት ሰዎች ቆመው ሲነጋገሩ ይህ ብዙ ቢት ይቆጥባል። ፍንዳታ፣ ጭስና ፈጣን የካሜራ እንቅስቃሴ ሲመጣ ግን ካለፈው ፍሬም የሚቀዳው ጥቂት ነው።

የግሬይን ችግር

የፊልም ምስል የሚፈጠረው ብርሃን በሚነካቸው የብር ውህድ ቅንጣቶች አማካይነት ነው። ቅንጣቶቹ በየፍሬሙ በዘፈቀደ ስለሚበተኑ፣ የሚተዉት ግሬይን ካለፈው ፍሬም ሊተነበይ አይችልም። ቢት ሲያንስ ምስሉ ይደበዝዛል ወይም ካሬዎቹ ጎልተው ይታያሉ።

አንዱ አማራጭ ግሬይኑን አስቀድሞ በማጣሪያ ማስወገድ ነው። ሆኖም ማጣሪያው ግሬይንን ከቆዳ ሸካራነትና ከጨርቅ ክር በትክክል ስለማይለይ አብሮ ያጠፋቸዋል። በ1987 እ.ኤ.አ. የወጣው የጆን ማክቲርናን ፊልም «ፕሬዳተር» በ2010 በብሉ ሬይ እንደገና ሲታተም፣ የተዋንያኑ ፊት ሰም መስሏል ተብሎ በሰፊው ተተችቷል።

አዳዲስ ዘዴዎች

በ2003 የጸደቀው ኤች 264 የሚጠቀመው ካሬ እስከ 16 በ16 ፒክስል ሲሆን፣ በ2013 የመጣው ኤች 265 እስከ 64 በ64 ይደርሳል። ትልቅ ካሬ እንደ ሰማይ ባለ ወጥ ቦታ ላይ ቢት ስለሚያድን፣ የተረፈው ለፍንዳታውና ለግሬይኑ ይውላል። ባለ 10 ቢት ኢንኮዲንግ ደግሞ ለእያንዳንዱ የቀለም ክፍል ከ256 ይልቅ 1024 ደረጃ ስለሚሰጥ፣ በጭስና በሰማይ ላይ የሚታየውን የቀለም መሰነጣጠቅ ይቀንሳል።

በ2018 ይፋ የሆነው ኤቪ-1 ሌላ መንገድ አለው። ኢንኮደሩ ግሬይኑን ለይቶ ያወጣና ቅርጹንና ጥንካሬውን በጥቂት ቁጥሮች ይገልጻል፤ ማጫወቻው በቁጥሮቹ መሠረት ተመሳሳይ ግሬይን ፈጥሮ ይጨምራል። ይህ ብዙ ቢት ያድናል፤ የሚታየው ግሬይን ግን የመጀመሪያው ሳይሆን አምሳያው ነው።

ገደብ

የትኛውም ኢንኮደር በምንጩ ውስጥ የሌለውን ዝርዝር አይመልስም። ከተበላሸ ቅጂ የተሠራ ፋይል በአዲስ ዘዴ ቢታመቅም ጥራቱ አይሻሻልም፤ ዋናው የፊልም ኔጋቲቭ ተጠብቆ ከቆየ ግን እንደገና በስካነር ሊነበብ ይችላል።