የጊታር አምፕሊፋየር ሲሻክር ጥፋቱ የማን ነው?

በነቀምቴም ሆነ በጊምቢ፣ በደምቢ ዶሎም ሆነ በሻምቡ፣ ጊታር ጮክ ብሎ ሲመታ ድምፁ ከሻከረ የሚወቀሰው ትራንዚስተሩ ነው። ወቀሳው ግን ሁሉ ነገር የሚነሳበትን ክፍል፣ ኃይል አቅራቢውን፣ ይዘነጋል። ትራንስፎርመሩ የመስመሩን 220 ቮልት ዝቅ ያደርጋል፤ አራት ዳዮዶች ወደ ዲሲ ይለውጡታል፤ ትልልቆቹ ካፓሲተሮች ያረጋጉታል። በክሩ ንዝረት የተፈጠረውን ደካማ ሞገድ የፊተኛው ሰርኪት አጉልቶና ቃናውን አስተካክሎ ለኋለኞቹ ትራንዚስተሮች ያቀብላል። እነሱ ሞገዱን ማግዘፍ የሚችሉት ግን በተሰጣቸው ቮልት ልክ ብቻ ነው። ከዚያ ጣሪያ ሲያልፍ አናቱ ይቆረጣል፤ መሻከር የምንለው ይህንን ነው። ጫፉ 28 ቮልት የሚደርስ ሞገድ በ8 ኦም ስፒከር ላይ 49 ዋት ይሰጣል። መስመሩ ሲዋዥቅ ወደ 180 ቮልት ቢወርድ ግን ጣሪያውም አብሮ ይወርድና 33 ዋት ገደማ ብቻ ይቀራል። ሲሶው ጠፋ ማለት ነው።

በትራንዚስተር ፋንታ በቲዩብ የሚሠራ አምፕሊፋየር መርጠው “ቲዩብ እኮ ሲጨናነቅም ለስለስ ይላል” የሚሉ አሉ። እውነታቸውን ነው፤ ቲዩብ ሞገዱን ቀስ እያለ ያጎብጠዋል እንጂ በአንዴ አይቆርጠውም። ሆኖም እሱም የሚቀዳው ከዚያው ከሚዋዥቀው መስመር ነው፤ በዚያ ላይ ቲዩቡ እያረጀ ይደክማል፣ በውስጡም ብዙ ጊዜ ከ300 ቮልት በላይ ይዞ ይሠራል። ለእነዚህ ከተሞች ትራንዚስተሩ የተሻለ ምርጫ ነው ባይ ነኝ። አምፕሊፋየርዎን ከመለወጥዎ በፊት የሶኬቱን ቮልት ያስለኩ። ክዳኑን ግን ራስዎ አይክፈቱ፤ ካፓሲተሮቹ ሶኬቱ ከተነቀለ በኋላም ኃይል ይዘው ይቆያሉ።