የባልዳምቤ ቃልና የጂንካው ሙዚየም

የሊቃውንት ምርምር ብዙ ጊዜ ምርምሩ ወደ ተደረገበት ሕዝብ ተመልሶ አይደርስም። ፕሮፌሰሩ ሩቅ አገር ሄዶ ሽማግሌዎችን ይጠይቃል፤ መጽሐፉ በአውሮፓ ታትሞ በአውሮፓ ይነበባል። የነገሩት ሽማግሌዎች ግን ቃላቸው የት እንደ ደረሰ ሳያውቁ ይቀራሉ። ይህን ልማድ ለመለወጥ የተሞከረበት አንድ ቤት በጂንካ ከተማ ስላለ፣ ዛሬ ስለ እርሱ ጥቂት ልናወጋ ወደድን።

ኢቮ ሽትሬከርና ጂን ሊዳል የተባሉ የሕዝቦች ባህል አጥኚዎች እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1970 በሐመር ጥናታቸውን ጀመሩ። መቀመጫቸው የዳምባይቲ መንደር ነበረ። ከሁሉ ይልቅ ያስተማራቸው ባልዳምቤ የተባለው የሐመር ሰው ነው፤ እርሱ ይተርካል፣ መቅረጸ ድምፁ ይቀዳል። በ1979 ስለ ሐመር ሦስት መጻሕፍት በእንግሊዝኛ ሲታተሙ የሁለተኛው ርእስ «ባልዳምቤ ያስረዳል» የሚል ሆነ። ነገሩ ቀላል አይምሰላችሁ! በብዙ የጥናት መጽሐፍ ተናጋሪው ስም የለሽ መረጃ ሰጪ ሆኖ ሲቀር፣ እዚህ ግን አስረጂው ራሱ በሽፋኑ ላይ ተጠራ።

ቱሪስት ከሐመር የሚያውቀው በከብት ጀርባ ላይ የሚዘልለውን ወጣት ነው። ባልዳምቤ ግን ዝላዩን ከጋብቻና ከዘመድ ግዴታ ጋር አያይዞ ይተርከዋል። ደግሞ «ባርጆ» የሚባል ቃል አለ። ጤና ነው፣ ዝናም ነው፣ የከብት መርባት ነው፣ መልካም ዕድል ነው ቢሉት ሁሉም ያስኬዳል፤ አንዱ ብቻውን ግን አይበቃውም። ሽማግሌዎች ተሰብስበው ባርጆን ሲጠሩ አንዱ ይመራል፣ ሌሎቹ ይቀበላሉ። (ምርቃት ተቀምጦ «አሜን» ያለ አንባቢ ነገሩ እንግዳ አይሆንበትም።)

ሽትሬከር በጀርመን አገር በማይንትስ ዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር ሳሉ፣ በ1993 የደቡብ ኦሞ የምርምር ማእከል በጂንካ ተቋቋመ። ከከተማው በላይ ባለው ኮረብታ ላይ ሙዚየምም ተሠራ። በርኩማው፣ ቅሉ፣ ጌጣጌጡ የሐመር ብቻ ሳይሆን የአካባቢው የሌሎቹም ሕዝቦች ነው። ለእንግዳ ዓይን ዕቃ ነው፤ ለአካባቢው ተማሪ ግን የአያቱ ቤት ነው።

የሴቶቹን ነገር ሳናነሣ ብናልፍ ግን ቅር ይለናል። ጂን ሊዳል ከጆአና ሄድ ጋር ለእንግሊዙ ቢቢሲ ከ1990 እስከ 1994 ሦስት ፊልሞች አዘጋጁ። በእነርሱም የሐመር ሴቶች ስለ ጋብቻቸው በገዛ አንደበታቸው ይናገራሉ። የወንድ ሽማግሌ ቃል ብቻ ሰምቶ «ሐመርን ዐወቅሁ» ማለት እንደማይቻል ያሳያሉ።

ስለዚህ ወደ ደቡብ ኦሞ የሚመደብ ወጣት ሹም ስለ ግጦሽ ወይም ስለ ጋብቻ የመጀመሪያ ሪፖርቱን ከመጻፉ በፊት ወደ ኮረብታው ቢወጣ እንመክራለን። ከዚያ ሲወርድ የሚጠይቀው ጥያቄ ሲወጣ ከያዘው ሌላ ይሆናል።