ለንደን ድራይ፦ የጥድ ፍሬ ዳግም አረቄ

የአረቄ ሙያ ያለው ሰው «ተራ» እና «ዳግም» ብሎ ይለያል። ተራው አንድ ጊዜ የወጣው ነው። ዳግሙ ተመልሶ እሳት ላይ የተጣደው፣ ሁለተኛ የወጣው፣ ጠንከር ያለው ነው። ይህን የሚያውቅ የለንደን ድራይ ጂንን ምሥጢር ግማሹን ያውቃል። ጂን ዳግም አረቄ ነው፤ ሁለተኛ ሲጣድ የጥድ ፍሬ አብሮት ይገባል።

ጥዱ ግን በየቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ቀጥ ብሎ የሚቆመው የሐበሻ ጥድ አይደለም፤ ዘመዱ ነው። የጂኑ ጥድ በአውሮፓ ተራሮች ላይ የሚበቅል፣ ቅጠሉ እንደ መርፌ የሚወጋ ቁጥቋጦ ነው። ፍሬው አተር ያህላል፤ ሲበስል ወደ ጥቁር ሰማያዊ ይለወጥና አመድ የነሰነሱበት ይመስላል። በጣት ሲጨምቁት ይጣበቃል፤ ሽታው አዲስ የተፈለጠ ጥድ፣ ትንሽ ዕጣን፣ ትንሽ ሎሚ ነው። ለመብሰል ሁለት ዓመት ገደማ ስለሚፈጅ የአምናው በሳልና የዘንድሮው ጥሬ በአንድ ቅርንጫፍ ላይ ጎን ለጎን ይገኛሉ። የጣሊያን ለቃሚዎች ቅርንጫፉን በዱላ መታ መታ ያደርጉታል፤ የበሰለው ይረግፋል፣ ጥሬው ለከርሞ ይቀራል።

እንግሊዞች ይህን መጠጥ የለመዱት ከሆላንዶች ነው። ሆላንዶች ጄኔቨር ይሉታል። ሆላንዳዊው የኦሬንጅ መስፍን ዊሊያም በ1689 (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) የእንግሊዝን ዘውድ ሲደፋ፣ ከፈረንሳይ ጋር በተደረገው ጦርነት የፈረንሳይ ብራንዲ በር ተዘጋበት፤ ከአገር እህል አረቄ ማውጣት ግን ተበረታታ። ለንደን በርካሽ ጂን ተጥለቀለቀች። በ1734 ጁዲት ዱፉር የተባለች ሴት የሁለት ዓመት ልጇን አንቃ ገደለች፤ የድሆች መጠለያ ለሕፃኗ የሰጠውን አዲስ ልብስ ሸጣ በገንዘቡ ጂን ጠጣችበት። የጂንን ታሪክ በመዓዛው ብቻ የሚያወራ ሰው ይህችን ሕፃን መዝለል የለበትም። መንግሥት በ1736 የ50 ፓውንድ ፈቃድ ቢጥልም ሰሚ አላገኘም፤ ሻጩ ሁሉ ወደ ጓሮ ገባ። ነገሩ ልጓም የገባለት የ1751ቱ ሕግ ከወጣ በኋላ ነው።

የዚያ ዘመን ጂን ዛሬ ቢቀመስ የሚታወቅ አይመስለኝም። አረቄው ራሱ ሻካራ ስለነበር ጉድለቱን በስኳር ይሸፍኑታል፤ ከጥድ ፍሬ ይልቅ ተርፔንታይን የሚጨምርም ነበር። ጣፋጩ ዓይነት «ኦልድ ቶም» ይባል ነበር። ለውጡ የመጣው በ1830 አየርላንዳዊው ኢኒየስ ኮፊ ያለማቋረጥ የሚሠራ ረጅም የአምድ ማውጫ በስሙ ካስመዘገበ በኋላ ነው። ንጹሕ አልኮል በብዛት ተገኘ፤ በስኳር የሚሸፈን ነውር ጠፋ። «ድራይ» ማለትም ይኸው ነው፦ ስኳር የሌለበት። እኔ ይህን መጠጥ የማከብርበት ምክንያት እዚህ ላይ ነው፤ አውጪው ስህተቱን የሚደብቅበት አንዳች ነገር የለውም።

ከዚህ ትውልድ ከወጡት ስሞች ታሪኩ በደንብ የሚታየኝ በቢፊተር ነው። ጄምስ በሮው የዴቨን ተወላጅ፣ በሙያው ፋርማሲስት ነበር። በ1863 በቼልሲ አንድ ማውጫ ቤት በ400 ፓውንድ ገዛ። የምርቱንም ስም ከለንደን ግንብ ጠባቂዎች ቅጽል ስም ወሰደ፤ «የበሬ ሥጋ በላተኞች» እንደ ማለት ነው። ቀይ የለበሰው ዘብ ዛሬም ጠርሙሱ ላይ ቆሟል። ማውጫ ቤቱ በ1908 ወደ ላምቤዝ፣ በ1958 ደግሞ አሁን ወዳለበት ኬኒንግተን ተዛወረ። በ1769 በአሌክሳንደር ጎርደን የተመሠረተው ጎርደንስ እንኳ ዛሬ የሚወጣው ስኮትላንድ ነው፤ ቢፊተር ግን ከለንደን አልወጣም።

ወደ ጋኑ ዘጠኝ ነገሮች ይገባሉ፦ የጥድ ፍሬ፣ የድንብላል ፍሬ፣ የአንጀሊካ ሥርና ዘር፣ የሊኮሪስ ሥር፣ የአይሪስ አበባ ሥር፣ አልሞንድ፣ የሎሚ ልጣጭ፣ የሴቪል መራራ ብርቱካን ልጣጭ። ከአልኮሉ ጋር 24 ሰዓት ተዘፍዝፈው ያድራሉ፤ እሳቱ የሚለኮሰው ከዚያ በኋላ ነው። መጀመሪያ የሚወጣው ይለያል፤ መሐሉ ይያዛል፤ ጭራው ሲጀምር አውጪው መስመሩን ይዘጋል። ይህን የኛ አገር አረቄ አውጪ እናቶችም አሳምረው ያውቁታል።

ሕጉም የሚጠብቀው ሥራውን እንጂ ከተማውን አይደለም። በአውሮፓ ኅብረት ደንብ መሠረት ለንደን ጂን የትም አገር ሊወጣ ይችላል፤ ነገር ግን ጣዕሙ ሁሉ ከተፈጥሮ ዕፅዋት፣ በዳግም ማውጣት ብቻ መምጣት አለበት። ሲወጣ ቢያንስ 70 በመቶ አልኮል ይሆናል፤ በውሃ ተቀንሶ ከ37.5 በታች መውረድ የለበትም። ጣፋጭ በሊትር ከ0.1 ግራም አይበልጥም፤ ቀለም ክልክል ነው።

በዚህ ጠባብ አጥር ውስጥ ግን ብዙ ስፍራ አለ። ታንከሬይ የተባለው ጂን በአራት ዕፅዋት ብቻ ይሠራል፤ ጥዱም ፊት ለፊት ይመጣል። ቢፊተር በመራራ ብርቱካኑ ይታወቃል። ዴዝመንድ ፔይን በ1967 ሙያውን ጀምሮ በ1995 ወደ ቢፊተር የመጣ አውጪ ነው። እሱ ያዘጋጀው ቢፊተር 24 በዘጠኙ ላይ የጃፓን ሴንቻ ሻይ፣ የቻይና አረንጓዴ ሻይና የግሬፕፍሩት ልጣጭ ጨመረ፤ ስሙም ከ24ቱ ሰዓት ዘፈዘፋ የመጣ ነው። በ2013 የወጣው የበሮው ሪዘርቭ በበርሜል አርፎ ወርቃማ መልክ ያዘ። በ2018 የመጣው እንጆሪ የገባበት ሮዝ ቢፊተርም ገበያ አለው፤ እኔ ግን ከለንደን ድራይ ተራ አልቆጥረውም።

ጂን ከቶኒክ ጋር የተዋወቀው ደግሞ በወባ ምክንያት ነው። በህንድ የነበሩ እንግሊዞች ለወባ የሚወስዱት ክዊኒን ምሬቱ ስለከበዳቸው በስኳርና በሶዳ ያለዝቡት ነበር፤ ቶኒክ የተባለው ይኸው ነው፤ ጂኑ በዚያ ላይ ተጨመረ። እኛ ለማንኛውም እንክብል «ኪኒን» የምንለውም ከዚሁ መድኃኒት ስም ወስደን ነው።

እናንተ ግን ቶኒኩን ለጊዜው አቆዩት። በረዶም አትጨምሩ። አንድ ጣት ያህል ቅዱና ጥቂት ውሃ ጠብ አድርጉበት፤ ከዚያ አሽትቱ። መጀመሪያ ጥዱ፣ ቀጥሎ የድንብላሉና የብርቱካን ልጣጩ ሽታ መምጣት አለበት። ጥዱ ቀድሞ ካልመጣ ጠርሙሱ ላይ ምንም ይጻፍ ምን፣ ሌላ ግዙ።