የሰማያዊዋ ቢራቢሮ ጸዳልና የጉንዳኖቿ አገልግሎት

ከህንድ አገር አንሥቶ በማላያና በቦርኒዮ በኩል እስከ አውስትራሊያ ድረስ በሚገኙት ሞቃት ደኖች ውስጥ፣ የፍጥረት ተመራማሪዎች አርሆፓላ ብለው የሰየሟቸው፣ ዓይነታቸው ከ200 የሚበልጥ ትናንሽ ቢራቢሮዎች ይኖራሉ። ክንፋቸውን አጥፈው ባረፉ ጊዜ ከደረቀ ቅጠል የማይለይ ቡናማ መልክ ሲኖራቸው፣ በዘረጉት ጊዜ ግን ዓይንን የሚማርክ ሰማያዊና ሐምራዊ ጸዳል ይፈነጥቃል።

ይህ ሰማያዊ መልክ ከቀለም የተገኘ አይደለም። ክንፉን በነካ ሰው ጣት ላይ የሚቀረው ዱቄት መሳይ ነገር፣ በማጉያ መነጽር ሲመረመር እያንዳንዱ ቅንጣት ጠፍጣፋ ቅርፊት ሆኖ ይታያል፤ በቅርፊቱም ውስጥ ካይቲን የተባለው ጠጣር ነገርና አየር፣ ከብርሃን ሞገድ ርዝመት ያነሰ ውፍረት ይዘው፣ እየተፈራረቁ ተነባብረዋል። ከየንብብሩ የሚመለሰው ብርሃን እርስ በርሱ ሲገናኝ፣ ሰማያዊው ሞገድ ከመሰሉ ጋር ተባብሮ ሲበረታ የቀረው ይደክማል፤ የሳሙና አረፋም ኅብረ ቀለሙን የሚያገኘው በዚሁ ሕግ ነው። በክንፉ ላይ አልኮል ጠብ ቢደረግ፣ ፈሳሹ የአየሩን ስፍራ ስለሚይዝ መልኩ ይለወጣል፤ ተንኖ ሲደርቅ ግን የቀድሞው ሰማያዊ ይመለሳል።

እኔን ግን ከዚህ ሁሉ ይልቅ እጅግ የሚያስደንቀኝ፣ ቢራቢሮዋ ገና ክንፍ ሳታወጣ፣ አባጨጓሬ ሳለች የምትኖረው ኑሮ ነው። በጀርባዋ ላይ፣ ወደ ጅራቷ ገደማ፣ ጣፋጭ ፈሳሽ የሚያመነጭ እጢ አላት፤ ጉንዳኖች በአንቴናቸው ሲዳስሷት ጠብታዋን ትሰጣለች፣ እነርሱም ከሸረሪትና ከተርብ ይጠብቋታል። ይህም ለረጅም ዘመን እንደ ሥራና ደመወዝ ውል ሲቈጠር ኖሯል። ነገር ግን በ2015 እ.ኤ.አ. በጃፓን ስለሚኖረው ዓይነት የወጣ ጥናት እንዳስረዳው፣ ያን ፈሳሽ የጠጡ ጉንዳኖች በአንጎላቸው ያለው ዶፓሚን የተባለ ንጥረ ነገር ይቀንሳል፤ መዘዋወርንም ትተው ከአባጨጓሬዋ አጠገብ ይሰነብታሉ። የጠባቂው ፈቃድ በሚጠጣው ነገር የሚለወጥ ከሆነ፣ ጉዳዩን ውል ብሎ መጥራት ለእኔ ይከብደኛል።

በማላያና በቦርኒዮ ደግሞ ማካራንጋ የሚባል ዛፍ አለ፤ በግንዱ ክፍተት ውስጥ ጉንዳኖችን አስጠግቶ ራሱ እየመገበ ያኖራል፤ እነርሱም በምላሹ ቅጠሉን ሊበላ የመጣውን ትል ሁሉ እየነከሱ ያባርራሉ። ከአርሆፓላ ወገን ግን አንዳንዶቹ እንቁላላቸውን የሚጥሉት በዚሁ ዛፍ ላይ ነው፤ የሚፈለፈሉትም አባጨጓሬዎች፣ ዛፉ ለጥበቃው ያሳደጋቸው ጉንዳኖች ዙሪያቸውን ከበው እየጠበቋቸው፣ ቅጠሉን ይበላሉ።